አዳዳ ዘሀራ ዶሮ ስታበስል

ልጅ ሳለሁ እኛ ቤት ተረት የሚነገረው ዶሮ ሲበስል ብቻ ነበር። ሌሎች ልጆች ተረት የሚሰሙት የቀኑ ሥራ ሲያልቅ ወይም መብራት ሲጠፋ ይሆናል፤ ከሚሴ ውስጥ በእኛ ግቢ ግን ተረት እንዲጀመር መጀመሪያ አንድ ያረጀ አውራ ዶሮ መታረድ ነበረበት። ሁለቱንም፣ ዶሮውንም ተረቱንም፣ የምታበስለው አንድ ሰው ነበረች፤ የአባቴ ታናሽ እህት፣ አዳዳ ዘሀራ። አዳዳ በእኛ አገር ኦሮምኛ የአባት እህት ማለት ነው። እስከ ዛሬ ጦስኝ በሸተተኝ ቁጥር አፌ ምራቅ ይሞላል፤ ቀጥሎ ደግሞ ምክንያቱን ለማንም ባልናገርም ሆዴ ይባባል።

አዳዳ ከድሬዳዋ የመጣችው እኔ ትምህርት ቤት በገባሁበት ዓመት ነው። መንግሥት ተቀይሮ መንገዱ ሰላም ከሆነ ጥቂት ዓመታት አልፈዋል። ከአውቶቡስ ስትወርድ አንድ ሻንጣና በሻሽ የተጠቀለለ ከባድ ነገር ይዛ ነበር። ታናሽ ወንድሜ ሁሴን ሻንጣውን ትቶ ሻሹ ላይ ተንጠለጠለ፤ የእኛ ስጦታ ያለው እዚያ ውስጥ መስሎት። ቤት ገብቶ ሲፈታ ግን ጥቁር የብረት ድስት ሆነ፤ ክዳኑ ብቻውን ሁሴንን ያህል የሚከብድ። እሱ ሊያለቅስ ምንም አልቀረውም ነበር። አዳዳ ድስቱን በመዳፏ እየዳበሰች፣ አሠሪዎቿ ወደ አገራቸው ሲገቡ «ማስታወሻ ምን እንስጥሽ?» ቢሏት ከቤቱ ዕቃ ሁሉ ይህንን እንደመረጠች ነገረችን። እናቴ ያን ዕለት አንገቷን አቀርቅራ ሳቋን ስትውጥ አይቻታለሁ፤ የውጭ አገር ሰው ቤት ኖሮ ድስት ይዞ የተመለሰ ሰው አይታ አታውቅም።

ነገሩ የኋላ ታሪክ ነበረው። የአባቴና የአዳዳ አባት ገና በልጅነታቸው ስለሞተ፣ እህቱን የመዳር ወጉ የአባቴ ነበር። እሷ ግን እሱ ያልወደደውን አንድ ነጋዴ ተከትላ መጀመሪያ ባቲ፣ ከባቲም ድሬዳዋ ገባች። ነጋዴው ብዙም ሳይቆይ ሌላ አገባባት። ባዶ እጄን በምን ዓይኔ እመለሳለሁ ብላ እዚያው ፈረንሳይኛ የሚያስተምር አንድ ሰው ቤት ወጥ ቤት ተቀጠረች፤ ዓመት ዓመትን እየወለደ ወጣትነቷ እዚያ አለቀ። አያታችን፣ እኛ አኮ የምንላት፣ ልጇን እየጠበቀች ሞተች። መርዶው ድሬዳዋ የደረሰው ከቀብሩ በጣም ዘግይቶ ነው።

አባቴ እህቱን አላባረራትም። የጓዳውን አጠገብ ክፍል አስጸዳላት፣ አልጋ አስገባላት፣ ጠዋት ጠዋትም «አካም ቡልቴ?» እያለ እንዴት አደርሽ ይላታል። ከእጇ ግን አይበላም ነበር። ዳቦ ብትጋግር አይቀምስም፤ ሻይ ብታቀርብለት «ጠጥቻለሁ» ይላል። እኛ አገር ከሰው እጅ አለመብላት ከስድብ ይከፋል፤ የተሰደበ ሰው ቢያንስ መልስ ሊሰጥ ይችላል። አዳዳ ምን ብላ ትመልስ? ሳህኑን ታነሣና እንደመጣችው ወደ ማድቤት ትመለሳለች።

የመጀመሪያውን ዶሮ ያበሰለችው በመጣች በሁለተኛው ሳምንት ነው፤ ለእርቅ ያሰበችው ምግብ መሆኑ ነበር። አባቴ ዶሮውን በእጁ ይዞ ወደ ቂብላ አዙሮ «ቢስሚላሂ፣ አላሁ አክበር» ብሎ አረደላት። እናቴ እንደ ወጉ ሽንኩርት ልታቁላላ ስትነሣ አዳዳ «አንቺ ዛሬ ተቀመጪ» አለቻት። ዶሮውን ገነጣጥላ በለጋ ቅቤ ቆዳው ወርቅ እስኪመስል ጠበሰችው፤ ሽንኩርቱን ሳትከትፍ በሙሉ በሙሉው ጨመረች፤ ነጭ ሽንኩርት፣ ካሮት፣ ከሰንበቴ ገበያ የተገዛ የደጋ ጦስኝ፣ የጥብስ ቅጠልና ከድሬዳዋ ያመጣችው አንድ ደረቅ ቅጠል፤ ቅጠሎቹን በክር አንድ ላይ አስራ እንደ ትንሽ መጥረጊያ አደረገቻቸው። እናቴ እስከ መጨረሻው በርበሬው የሚገባበትን ሰዓት ስትጠብቅ ቆየች። ክዳኑ ሲገጠም ግን አላስቻላትም።

«ዘሀራ፣ በርበሬውን ረሳሽው እኮ!»

«አልረሳሁም፣ ከሪማ። በርበሬ የለውም።»

«ለታመመ ሰው ነው?»

አዳዳ በሳቅ ወደቀች። ከዚያ የክዳኑን ዙሪያ በሊጥ መረገችው፤ ልክ የንብ ቀፎ አፍ እንደሚመረገው። ድስቱን ከሰል ምድጃው ላይ አስቀምጣ በክዳኑ ላይም ፍም ደረደረችበት። እሳት ከላይም ከታችም ሆኖ ድስት ስናይ የመጀመሪያችን ነበር። «አሁን» አለች «ሊጡ ደርቆ እስኪሰነጠቅ ማንም አይነካውም። ዱስማ፣ ዱስማ።» ዱስማ ፈረንጆቹ ቀስ በል የሚሉበት ቃል ነው ብላ አስረዳችን፤ ሁሴን ለወራት ሰውን ሁሉ፣ ጋሪ የሚጎትተውን አህያ ሳይቀር፣ «ዱስማ» ሲል ከረመ።

ተረት የተጀመረውም በዚያ ሰበብ ነው። ሽታው ግቢውን ሞልቶ ድስቱ ግን ስለማይከፈት እኔና ሁሴን መፈናፈኛ አጣን፤ ሁሴን በጣቱ ሊጡን መቆርቆር ጀመረ። አዳዳ እጁን ያዘችና «ኮቱ፣ እዚህ አጠገቤ ተቀመጥ» አለችው። ከዚያ የጨፋን ረግረግ ሊሻገር ስለተነሣ አንድ ሰነፍ ጅብ ታወራን ጀመር፤ ግማሹን በአማርኛ፣ ግማሹን በኦሮምኛ፣ ጅቡ ሲቆጣ ደግሞ በፈረንሳይኛ። ተረቱን ከአኮ የሰማችው ነው። ድሬዳዋ እያለች ለአሠሪዋ ልጆች ትነግራቸው ነበር፤ እናታቸው የድስቱን ነገር ስታስተምራት እሷ ለልጆቹ የጨፋን ጅብ ታስተምራቸው ነበር። ያኔ፣ ከክዳኑ ላይ ያለው ፍም በነፋስ ቀላ ደብዘዝ ሲል፣ ከሰሉም እየተንጣጣ ብልጭታው ጉልበቷ ድረስ ሲዘል፣ ፊቷ በፍሙ ብርሃን የወጣት ፊት ይመስለኝ ነበር።

ሊጡ ተሰነጠቀ። ምግቡም ቀረበ። አባቴ ያን ዕለት እጁን ታጥቦ ማዕዱ ላይ ተቀምጦ ነበር፤ ይህንን ዛሬም ሳስበው ያናድደኛል፤ ሊበላ ተቃርቦ ነበር እኮ! ግን አንድ ነገር በዓይኑ ፈለገና አጣ። በእኛ ቤት ዶሮ በብልት በብልቱ ይወጣል፤ መላላጫው የማን፣ ክንፉ የማን፣ አንገቱ የማን እንደሆነ ሕፃን ያውቃል፤ ፈረሰኛው ደግሞ የቤቱ ጌታ ነው። አዳዳ በፈረንጆቹ ልማድ ዶሮውን በትልልቁ ቆርጣ ስለነበር ፈረሰኛ የሚባል ነገር ድስቱ ውስጥ አልነበረም። ዓመታት ሙሉ ለማን ምን እንደሚደርስ በማያውቅ ቤት አብስላ እጇ ረስቶታል።

«የዚህ ቤት ዶሮ ፈረሰኛ የለውም?» አለ አባቴ።

አዳዳ አፏን በእጇ ከደነች። እሱ ግን ከማዕዱ ተነሣ። እኛም እጃችንን ሰበሰብን፤ ግን ልጅ ነበርንና ብዙም ሳንቆይ ወደ ሳህኑ መለስነው። እንደዚያ ያለ ሥጋ በልቼ አላውቅም ነበር። ከአጥንቱ በራሱ ፈቃድ ይለያል፤ መረቁን በዳቦ እየጠረግን ሳህኑን አደረቅነው። አዳዳ ስንበላ ታየን ነበር።

በሚቀጥለው ጊዜ አሥራ ሁለቱን ብልት እንደ ሙሽራ ተጠንቅቃ አወጣች፤ ፈረሰኛውን ከላይ አድርጋ አቀረበች። አባቴ ሳህኑን አየው። «አልራበኝም» አለና እናቴን ቂጣና እርጎ አስቀርቦ ለብቻው በላ። ነገሩ የፈረሰኛው ጉዳይ አለመሆኑን ያኔ እኔም አወቅሁ።

ቀጥሎ የመጣው የጠርሙሱ ወሬ ነው። ፈረንሳዮቹ ይህንን ዶሮ የሚያበስሉት በቀይ ወይን ጠጅ ነበር። አዳዳ ለእነሱ ስታበስል እንኳ አፏ ላይ አድርጋው አታውቅም፤ በአፍንጫዋ ብቻ ነው የለካችው። «ኮምጠጥ ይልና መጨረሻው ላይ ጣፈጥ ይላል፤ ከሽታው ያስታውቃል» ትል ነበር። አገሯ ስትገባ ያንን ኮምጣጣ ምን እንደሚተካው ስትፈልግ ቆይታ ከባቲ ገበያ አገኘችው፤ የቆላ ነጋዴዎች የሚያመጡት ሁመር የሚባል ኮምጣጣ የዛፍ ፍሬ። ሁመሩን በውሃ ዘፍዝፋ፣ አጥልላ፣ ከአሠሪዎቿ ቤት በመጣ አንገተ ረጅም ጠርሙስ ታስቀምጠው ነበር፤ የፈረንጅ ጽሑፍ ያለው ወረቀት ገና አልተላጠም። ውሃው ደግሞ ቀይ ዳማ ነው። አባቴን ሊጠይቅ የመጣ አንድ ሰው በማድቤቱ በር ሲያልፍ አየው፤ የሚቀጥለው ጁምዓ ወሬው መስጊዱ በር ላይ ደርሶ ጠበቀን። «የአሊ እህት ወይን ጠጅ ቤቱ አስገባች» ተባለ፤ አሊ አባቴ ነው።

እናቴ እሳት ጎርሳ እሳት ለብሳ ጠርሙሱን ይዛ አባቴ ፊት ቀረበች። «ቅመሰው» አለችው። «ወላሂ ቅመሰው! የእህትህ ስም በየደጁ እየተጎተተ ዝም ትላለህ?»

አባቴ አልቀመሰውም። ጠርሙሱንም አልነካውም። «ሁመር መሆኑን አውቃለሁ» አለ ዝቅ ባለ ድምፅ። «ለሰዎቹም ነግሬያቸዋለሁ።»

«ታዲያ ለምን አትበላላትም?»

አባቴ ኮፍያውን አንሥቶ ወጣ። በሌላ ቀን እኔ እናቴን ለብቻዋ አግኝቼ ብጠይቃት «እሱ ራሱም የሚያውቀው አይመስለኝም» አለችኝ። እኔ ያኔ በአባቴ በጣም ተቀይሜ ነበር። ልጅ ሆነሽ አባትሽን መውደድና መቀየም አንድ ላይ ሲሆንብሽ የት እንደምታስቀምጪው አታውቂም።

ከረመዳን በፊት ያለው ወር፣ ሸዕባን፣ ሲጋመስ አዳዳ ለእናቴ ቁርጡን ነገረቻት። እኔ ካሮት እየላጥኩ እዚያው ነበርኩ፤ ትስማኝ አትስማኝ አላለችም። «ከሪማ፣ ረመዳን ሳይገባ ካልበላልኝ ወደ ድሬዳዋ እመለሳለሁ። አብሬው ጾሜ፣ አዛን ሲል በእኔ እጅ የማያፈጥር ወንድም ፊት አልቀመጥም። አልችልም።»

«አብሽሪ፣ አላህ ልቡን ያራራዋል።»

«ያራራው። እኔ ግን ሻንጣዬን አዘጋጃለሁ።»

ከዚያ በኋላ በየምሽቱ አባቴ የሚበላበትን ሳህን እያየሁ ጨረቃዋን እፈራ ጀመር። ሌላው ልጅ ረመዳን ገባ አልገባ ብሎ ሰማይ ሲያይ፣ እኔ ደመና እንዲሆን ዱዓ አደርግ ነበር።

በመጨረሻው ሳምንት አዳዳ የስንብት ዶሮዋን አበሰለች። ሻንጣዋ ተቆልፎ አልጋዋ ላይ ተቀምጧል። አባቴ እንደ ሁልጊዜው ዶሮውን አርዶ፣ ቢላዋውን አጥቦ፣ ወደ መስጊድ ሄደ። መብራት ያን ቀን ስላልነበረ እናቴ ፋኖሱን ማድቤቱ መካከል ሰቀለችው። ጎረቤታችን እትዬ አስካለም መጥታ ነበር። ባሏ የመንግሥት ሠራተኛ ሆኖ ከሰሜን ሸዋ የመጡ ክርስቲያኖች ናቸው፤ እነሱ የባረኩትን ሥጋ እኛ እንደማንበላው ሁሉ እኛ ያረድነውን እሷም አትበላም። አዳዳ ግን ሁሌም ለእሷ በትንሽ ሸክላ ድስት ካሮትና ድንች በዚያው ጦስኝና በዘይት ለብቻው ታበስልላት ነበር። «የእኔ ዶሮ እግር የለውም፣ ስለዚህ አይሸሸኝም» እያለች እትዬ አስካለ ታስቀን ነበር። ያን ቀን ግን አልቀለደችም።

ሊጡ ተመረገ፣ ፍሙ ተደረደረ። ሁሴን የአዳዳን ቀሚስ ጨምድዶ ይዞ ያልሰማነውን ተረት ንገሪን አላት። አዳዳ ከመቆስቆሻው እንጨት ጫፍ ዓመዱን አራገፈችና «አንድ ያልነገርኳችሁ አለ» አለች። «ለፈረንጆቹ ልጆችም አልነገርኳቸውም። አዬ ትነግረን የነበረ ነው።» እሷና አባቴ እናታቸውን አዬ ነበር የሚሏት።

«ዱሪ ዱሪ፣ ቦርከና ዳር አንዲት እናትና ሎሚ የምትባል ልጇ ይኖሩ ነበር። አንድ ማለዳ እሳታቸው ጠፍቶ አደረ። እናትየው ‹ሎሚዬ፣ ወንዙን ተሻገሪና ከወዲያ ማዶ ካለው ቤት እሳት ጭረሽልኝ ነይ› አለቻት። ሎሚ ገል ይዛ ወረደች። ውሃው ቁርጭምጭሚቷ ላይ እንኳ አልደረሰም፤ እየዘፈነች ተሻገረች። ፍሟን በገል ይዛ ስትመለስ ግን ላይ አገር ዘንቦ ኖሮ ወንዙ ከዳር እስከ ዳር ሞልቷል። የማዶው ቤት ሰዎች ‹ነገ ይጎድላል፣ እደሪ› አሏት። አደረች። ወንዙ ሲጎድል ሎሚ ሥራ ይዛለች፤ ሥራ ስትፈታ ወንዙ ይሞላል። እንዲህ እንዲህ ሲል ሎሚ እዚያው አደገች።»

ከደጅ የእግር ኮቴ ተሰማ። አባቴ መግሪብ ሰግዶ ተመልሶ እንደ ልማዱ ከማድቤቱ ግድግዳ ውጪ ያለችው መደብ ላይ ተቀመጠ። በጣቱ የሚቆጥረው የሙስበሃው ፍሬዎች አንድ በአንድ ሲወርዱ ይሰማን ነበር። አዳዳ ድምጿን ከፍም ዝቅም አላደረገችም።

«እናትየው ከሌላ ጎረቤት እሳት ጭራ ኑሮዋን ቀጠለች። ጠዋት ጠዋት ደጅ ትወጣና ከማዶው ቤት የሚወጣውን ጭስ ታያለች። ‹ልጄ ዛሬም እሳት አንድዳለች፣ ደህና ናት› ትላለች። ሎሚም ከወዲያ ሆና የእናቷን ቤት ጭስ ታያለች። ‹አዬም ዛሬ ተነሥታለች› ትላለች። እንዲህ ጭስ ለጭስ እየተያዩ ኖሩ። አለቀ።»

«አላለቀም!» ብሎ ሁሴን ሊጮህ አፉን ሲከፍት ቃሉን ሌላ ሰው ቀደመው።

«አላለቀም።»

አባቴ በሩ ላይ ቆሟል። የሙስበሃው ድምፅ መቼ እንደቆመ አላስተዋልኩም። ማድቤት ገብቶ አያውቅም ነበር፤ ወንድ ማድቤት አይገባም። ጭሱ ዓይኑን ሲቆረቁረው ጨፈን ገለጥ እያደረገ ወደ ፍሙ ያያል።

«ወንድሟስ?» አለ።

«የማን ወንድም?» አለች አዳዳ።

«የሎሚ።»

«ሎሚ ወንድም የላትም፣ አያ። አዬ ስትነግረን እናትና ልጅ ብቻ ነበሩ።»

«ያኔ አልነበረም» አለ አባቴ። «አንቺ ከሄድሽ በኋላ ነው የመጣው።»

ከዚህ በኋላ ያለውን የተናገረው በኦሮምኛ ነው፤ ሁለቱ ከልባቸው ሲነጋገሩ አማርኛውን ይተዉት ነበር። እትዬ አስካለ እንኳ፣ ኦሮምኛ በቅጡ የማትሰማው፣ ሳህኗን ጭኗ ላይ አድርጋ እሱን እሱን ታይ ነበር። አባቴ እንዲህ አለ፤ አንቺ ከሄድሽ በኋላ አዬ ያንን ተረት በየማታው ትነግረኝ ጀመር። ለከሪማ የምትነግር ታስመስላለች፤ ዓይኗ ግን እኔ ላይ ነው። ሎሚ ወንድም አላት ትላለች። ወንዱ ልጅ አንድ ቀን መጥረቢያውን ያነሣና ትልቅ ሾላ ይቆርጣል፤ ግንዱን ወንዙ ላይ ያጋድምና ተሻግሮ እህቱን በእጇ ይዞ ያመጣታል ትላለች። በየማታው ሾላውን ይቆርጠዋል፣ በየማታው ይዟት ይመጣል። እኔ ደግሞ ‹አዬ አረጀች፣ ተረቱን ታምታታለች› እያልኩ ፊቴን ወደ ግድግዳ አዙሬ እተኛለሁ። ድሬዳዋ የት እንደሆነ አውቃለሁ። መኪና የት እንደሚቆም አውቃለሁ። አንድ ቀን እንኳ አልሄድኩም። ታዲያ ላመጣሽ ያልሄድኩት ሰው፣ አዬ የናፈቀችው እጅ የሠራውን በየትኛው አፌ ነው የምበላው?

እናቴ መሐረቧን ዓይኗ ላይ አደረገች። አባቴ ሲያለቅስ አላየሁም፤ ግን ድምፁ እንደዚያ ሲሰባበር ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም አልሰማሁም። ልጅ ነበርኩና ፈራሁ። አንድ ሰው አንድ ነገር ቢለው ብዬ ወደ አዳዳ አየሁ።

አዳዳ ወደ ድስቱ ዞረች። ቢላዋ አነሣች፤ የደረቀውን ሊጥ በጫፉ ዙሪያውን ሰብራ ፍሙን ከክዳኑ ላይ ጠረገች። ክዳኑ ሲነሣ እንፋሎቱ ፋኖሱን እስኪያደበዝዘው ድረስ ወጣ። ሳህን አነሣች። ያገኘችውን ሥጋ፣ ከየትኛው ብልት እንደሆነ እንኳ ሳታይ፣ መረቅ አድርጋበት አወጣችለት። ከዚያ ነው የተናገረችው፤

«አያ፣ እኔም እኮ መንገዱን አውቀው ነበር።»

ሳህኑን ወደ እሱ ዘረጋች።

«ሁለታችንም እናውቀው ነበር። ና ተቀመጥ፤ ይበርዳል።»

የወንዶች ቦታ ሳሎን ምንጣፉ ላይ ነበር። አባቴ ግን እናቴ ሽንኩርት የምትልጥባት ዝቅተኛ ዱካ ላይ፣ ጉልበቱ እስከ ደረቱ ተጣጥፎ፣ ተቀመጠ። ቢስሚላህ ብሎ ቆረሰ። ማኘኩን ሁላችንም አፍጥጠን አየን። እትዬ አስካለ በነጠላዋ ጫፍ አፍንጫዋን ስትጠርግ እሰማታለሁ። ዋጠ፤ ቆየት ብሎም በአማርኛ «ጨው ያንሰዋል» አለ።

አዳዳ መጀመሪያ ሳቀች፤ ሳቁ ውስጥ ግን ልቅሶው ነበረና ሁለቱን መለየት አቅቷት ፊቷን በክንዷ ከለለች። እናቴ ጨው ልታመጣ ተነሥታ ጨው የት እንደምታስቀምጥ ጠፋት፤ በገዛ ማድቤቷ። ሁሴን ብቻ ነው ምንም ያልገባው፤ ሎሚ በግንዱ ላይ ስትሻገር እንዳልወደቀች አባቴን ደጋግሞ ይጠይቅ ነበር። «አልወደቀችም» ይለዋል አባቴ፣ አፉ ሞልቶ። «ወንድሟ እጇን ይዟት ነበር።» በማግስቱ ሻንጣው ከአልጋው ላይ ወርዶ አየሁት፤ ቀሚሶቹም ታጥበው ገመድ ላይ ተሰጥተዋል። ከዚያ በኋላ አዳዳ እስከ ሞተችበት ዓመት ድረስ ረመዳንን አብረን አፈጠርን፤ አባቴም በየዓመቱ ጨው ያንሰዋል ይል ነበር።

ዛሬ ኮምቦልቻ ነው የምኖረው። ያንን ዶሮ በኤሌክትሪክ ምድጃ፣ በቀላል ድስት፣ ክዳኑን ሊጥ ሳልመርግ አበስለዋለሁ፤ ባሌ ይወደዋል፣ ልጄም ትወደዋለች፤ የአዳዳን ያህል ግን አይሆንም፤ ይህንን አልከራከርም። የቀረልኝ ነገር ግን ከምግቡ ይልቅ አኮ ናት፤ ፊቷን እንኳ የማላስታውሳት። እህትህን አምጣልኝ ማለት ለምን አቃታት እያልኩ ብዙ ጊዜ አስባለሁ። ልጇ ቀልቡ የተሰበረ፣ በእህቱ ምክንያት ሰው ፊት ያፈረ ሰው መሆኑን ታውቃለች፤ በቀጥታ ብትለው እንቢ ሊላት ነው፣ እንቢ ካላት ደግሞ ሁለተኛ ልትጠይቀው አትችልም። በተረት ከሆነ ግን ነገም ትጠይቀዋለች። አባቴም በበኩሉ እንቢ ሳይል ስንት ምሽት እንቢ እንዳለ ሳስብ እሱም ያሳዝነኛል። ያኔ ተረት የልጆች ነገር ይመስለኝ ነበር፤ በዚያ ማድቤት ውስጥ ግን የተረቱ ነገር ያልገባው ልጁ ብቻ ነበር።

ባለፈው ዓረፋ ልጄን ይዤ ከሚሴ ሄድኩ። አባቴ በሕይወት የለም፤ እናቴ ከሁሴን ጋር ነው የምትኖረው። በዕድሜዋ ሙሉ ተረት ስትነግር ሰምቻት አላውቅም ነበር። ከሰዓት በኋላ እኔ የማታው መኪና እንዳያመልጠኝ ቦርሳዬን ሳዘገጃጅ፣ እናቴ ልጄን ጭኗ ላይ አስቀምጣ ስለ አንዲት የጨፋ ወፍ ታወራላት ጀመር። ወፏ አንዲት ሴት ልጅ አለቻት፤ ልጇ ብዙም ሳትርቅ ሌላ ዛፍ ላይ ጎጆ ሠራች፤ ክንፏ ጠንካራ ነው፣ ሰማዩም ክፍት ነው፤ ግን እናቷ ጋ ስትመጣ ሁልጊዜ ሳታርፍ ነው ተነሥታ የምትሄደው። ልጄ «ለምን?» አለች። «እንጃ» አለች እናቴ። ቦርሳዬን እንደያዝኩ ቀና ስል ዓይኗ እኔ ላይ ነበር። ቦርሳውን መልሼ አስቀመጥኩና ጫማዬን ፈታሁ።